የኳንተም የስሌት ስልቶችና የነባሩ ኮምፒዩተር ዕጣ

በኤፕሪል 1994 የኮምፒዩተር ሳይንስ ዓለም ሁለት ዜናዎችን በአንድ ወር ሰማ። (እዚህም ሆነ ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) የመጀመሪያው ዜና ከ17 ዓመታት በፊት የተቋጠረ እንቆቅልሽ መፈታቱ ነበር። በ1977 ሮናልድ ሪቨስት፣ አዲ ሻሚርና ሌናርድ አድልማን የተባሉ ሦስት የማሳቹሴትስ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት ምሁራን፣ በስሞቻቸው የመጀመሪያ ፊደላት አር.ኤስ.ኤ. ተብሎ የሚጠራውን የምሥጢር መጻፊያ ዘዴ ፈለሰፉ። ጥንካሬውንም ለሕዝብ ለማሳየት 129 አሐዝ ያለው አንድ ቁጥር ሳይንቲፊክ አሜሪካን በተባለው መጽሔት ላይ እንዲወጣ አደረጉ። ቁጥሩ የሁለት ብቸኛ ቁጥሮች ብዜት ነው፤ ብቸኛ ቁጥር የሚባለውም ከ1 እና ከራሱ በቀር ሌላ አካፋይ የሌለው ነው። ሁለቱን አብዢዎች ለይቶ ያወጣ ሰው በቁጥሩ የተቆለፈውን አጭር መልእክት ያነባል፤ 100 ዶላርም ይሸለማል። ሥራው ግን 40 ሺህ ትሪሊዮን ዓመታት ይፈጃል ተብሎ ተገምቶ ነበር።

ግምቱን ያፈረሰው የመኪናዎች መፍጠን ብቻ አልነበረም። በ1981 ካርል ፖሜራንስ ትልልቅ ቁጥሮችን ወደ አብዢዎቻቸው ለመበተን የሚያገለግል አዲስ የማጣሪያ ዘዴ አገኙ፤ ዘዴው ሥራውን ለብዙ ሰዎች ከፋፍሎ ለማደልም የተመቸ ሆነ። ወደ 600 የሚጠጉ ፈቃደኞች በ1,600 ገደማ ኮምፒዩተሮች ተረዳድተው በስምንት ወር ውስጥ ቁጥሩን በተኑት። የተገኘው መልእክት ደም ማየት ስለማይሆንለት አጥንት ሰባሪ አሞራ የሚናገር ትርጉም የለሽ ሐረግ ነበር። ይህ አሞራ በሰሜን ተራሮች ላይ አጥንት ከከፍታ ወደ ድንጋይ እየለቀቀ የሚሰባብረው ጢማሙ ጥንብ አንሣ መሆኑን ኢትዮጵያዊ አንባቢ ቢያውቅ አይከፋም።

ሁለተኛው ዜና በዚያው ወር የወጣው ከኒው ጀርሲ፣ ከቤል ላቦራቶሪ ነው። ፒተር ሾር የተባሉ የ34 ዓመት የሒሳብ ሊቅ፣ ገና ላልተሠራና ይሠራ እንደሆነም ላልታወቀ ኮምፒዩተር የሚሆን የስሌት ስልት፣ በዘመኑ ቋንቋ አልጎሪዝም፣ ማግኘታቸውን ለባልደረቦቻቸው አስረዱ። በዚያን ቀን የተናገሩት የቁጥሮችን መበተን ስለሚመለከት ጥያቄ አልነበረም፤ ከእርሱ ጋር የሥጋ ዝምድና ያለው፣ ሌሎች የምሥጢር መጻፊያዎች የቆሙበት ሌላ ጥያቄ ነበር። ወሬው ግን ከአፍ ወደ አፍ ሲተላለፍ ተለወጠ፤ ሳምንቱ ሳያልቅ ሾር ቁጥር የሚበትን ስልት አገኙ ተብሎ በሩቅ ከተሞች ተሰማ። ስለ ነገሩ በስልክ በተጠየቁ ጊዜ ሾር በእርግጥም አግኝተውት ነበር። ወሬው ከእውነቱ በጥቂት ቀናት ቀድሞ ኖሯል።

ከዚያ ወዲህ ባሉት ከሠላሳ በላይ ዓመታት በየጉባኤውና በየጋዜጣው ተደጋግሞ የተነሣው ጥያቄ፣ የኳንተም ኮምፒዩተር ነባሩን ኮምፒዩተር ከዙፋኑ ያወርደው ይሆን ወይ የሚለው ነው። የታሪኩ አካሄድ ግን ጥያቄውን ራሱን እንግዳ ወደሆነ መንገድ መርቶታል። የኳንተም ስልቶች እስካሁን የሚጨበጥ ለውጥ ያመጡት በነባሩ ኮምፒዩተር ቤት ውስጥ ነው፤ ምሥጢር የሚጽፍበትን መንገድ አስቀየሩት፣ የማይቻሉ ይመስሉ የነበሩ ስሌቶችን እንደገና እንዲሞክር አስገደዱት፣ አንዳንዴም ተቀናቃኙ በኩራት ያሳየውን ሥራ ራሱ እንዲደግመው አደረጉት። የሁለቱ ድንበርም አንድ ጊዜ ተለክቶ ድንጋይ የተተከለበት አልሆነም።

ነገሩ የጀመረው ምሥጢር ለመስበር ታስቦ አልነበረም። በሜይ 1981 የማሳቹሴትስ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩትና የአይ.ቢ.ኤም. ሰዎች በተሰበሰቡበት የፊዚክስና የስሌት ጉባኤ ላይ ሪቻርድ ፋይንማን ቀላል የሚመስል ቅሬታ አቀረቡ። አንድ የፊዚክስ ሊቅ የጥቃቅን ቅንጣቶችን ጠባይ በኮምፒዩተር አስመስሎ ለማስላት ሲነሣ፣ እያንዳንዱ ተጨማሪ ቅንጣት ቢያንስ የሥራውን መጠን እጥፍ ያደርግበታል። ሁለት ሁኔታዎች ብቻ ያሏቸው ቅንጣቶች አሥር ሲሆኑ 1,024 ቁጥሮችን መመዝገብ ይበቃል፤ ሃምሳ ሲሆኑ መዝገቡ ከአንድ ሺህ ትሪሊዮን ያልፋል፤ ሦስት መቶ ሲሆኑ ደግሞ በሚታየው ጠፈር ውስጥ አሉ ከሚባሉት አቶሞች ብዛት ይበልጣል። ተፈጥሮ ይህን ሁሉ ሳትቸገር የምታከናውን ከሆነ፣ ኮምፒዩተሩ ራሱ በኳንተም ሕግ እንዲሠራ ቢደረግስ ሲሉ ፋይንማን ጠየቁ። በ1980 በሶቪየት ኅብረት ዩሪ ማኒን ተቀራራቢ ሐሳብ ጽፈው ነበር፤ በዚያው ዓመት በአሜሪካ ፖል ቤኒዮፍ ኮምፒዩተር የኳንተም ሕግን ጠብቆ ሊሠራ እንደሚችል አሳይተዋል።

የኦክስፎርዱ ዴቪድ ዶይች በ1985 ሐሳቡን ከቅሬታ ወደ ሥርዓት አሸጋገሩት። ማንኛውንም የተፈጥሮ ሂደት ሊያስመስል የሚችል አንድ አጠቃላይ የኳንተም ኮምፒዩተር ምን ዓይነት እንደሚሆን በሒሳብ ገለጹ። በዚህም ከ1930ዎቹ ጀምሮ የኮምፒዩተር ሳይንስ መሠረት ሆኖ የቆየውን የአለን ቱሪንግን መኪና ከፊዚክስ ሕግ አንጻር እንደገና አስመረመሩት። ከዚያ በፊት የነበረው እምነት፣ ስሌት የሚካሄድበት ዕቃ ጥርስ ያለው መሽከርከሪያም ይሁን ቫልቭ ወይም ትራንዚስተር፣ ከሥራው አስቸጋሪነት ላይ የሚጨምረውም የሚቀንሰውም ቁም ነገር የለም የሚል ነበር። የኳንተም ነገር ይህን እምነት አጠራጣሪ አደረገው። ጥርጣሬው እስከ ዛሬ ድረስ በሒሳብ ማረጋገጫ አልታሰረም፤ የኳንተም ኮምፒዩተር ከነባሩ በመሠረቱ እንደሚልቅ ያለ ምንም ቅድመ ግምት ያረጋገጠ ሰው የለም።

በዚህ ቦታ አንድ የተስፋፋ ስሕተት ማቅናት ያስፈልጋል። የኳንተም ኮምፒዩተር ሁሉንም መልሶች በአንድ ጊዜ ሞክሮ ትክክለኛውን ይመርጣል ይባላል። ኪውቢቶች፣ ማለትም የዚህ ኮምፒዩተር ቢቶች፣ ብዙ አማራጮችን በአንድ ሁኔታ ውስጥ አጣምረው መያዛቸው እውነት ነው። ሲለኩ ግን የሚወጣው መልስ አንድ ብቻ ነው፤ እርሱም በዕጣ የሚወጣ ነው። ሌላ ብልሃት ካልታከለበት መኪናው ሳንቲም ከመጣል አይሻልም። ብልሃቱ የሚገኘው የአማራጮቹ ሁኔታ እንደ ሞገድ በመሆኑ ነው። ሁለት ድንጋዮች በኩሬ ላይ ሲወረወሩ ሞገዶቻቸው በአንዱ ቦታ ተደጋግፈው ከፍ እንደሚሉ፣ በሌላው ቦታ ተጠፋፍተው ውሃው ጸጥ እንደሚል ሁሉ፣ ስልቱን የሚነድፈው ሰው የተሳሳቱት መልሶች እርስ በርስ እንዲጠፋፉ፣ ትክክለኛው እንዲጎላ አድርጎ ማቀናበር አለበት። ይህ የሚቻለው ጥያቄው ራሱ በውስጡ አንዳች የተሰወረ ሥርዓት ሲኖረው ነው። እንዲህ ያሉ ጥያቄዎች ብዙ አይደሉም፤ የዘርፉ የሠላሳ ዓመት ድካምም አብዛኛው እነርሱን በመፈለግ ያለፈ ነው።

በ1992 ዶይችና ሪቻርድ ጆዛ፣ በ1993 ኤታን በርንስቲንና ኡሜሽ ቫዚራኒ ለዚሁ ተብለው የተፈጠሩ ጥያቄዎችን አቅርበው የኳንተም ስልት የሚበልጥበትን ሁኔታ አሳዩ። ጥያቄዎቹ ለማንም ጥቅም የሚሰጡ አልነበሩም። ቀጥሎም ዳንኤል ሳይመን በአንድ ሠንጠረዥ ውስጥ የተሸሸገን ድግግሞሽ የሚያገኝ ስልት ጻፉ። ጽሑፉ ለአንድ ጉባኤ ቀርቦ ሳይመረጥ ቀረ፤ ከገምጋሚዎቹ አንዱ የነበሩት ሾር ግን ድግግሞሽ የሚለው ነገር ከአእምሯቸው አልወጣም።

ሾር ያዩት ነገር በትንሽ ቁጥር ሊገለጽ ይችላል። 15ን ለመበተን ተፈልጎ 7 ይወሰድ። 7 በራሱ እየተባዛ ሲሄድ፣ እያንዳንዱ ውጤት በ15 ተካፍሎ የሚተርፈው ቀሪ 7፣ 4፣ 13፣ 1 ይሆናል፤ ከዚያም እንደገና 7፣ 4፣ 13፣ 1 እያለ ይዞራል። ዑደቱ አራት እርምጃ ነው። የዑደቱ ግማሽ ሁለት ስለሆነ 7 በ7 ይባዛና 49 ይገኛል፤ ከ49 አንድ ሲቀነስ 48፣ አንድ ሲጨመር 50 ነው። 48 እና 15 የሚጋሩት ትልቁ አካፋይ 3፣ 50 እና 15 የሚጋሩት ደግሞ 5 ነው። እነሆ 15 ወደ 3 እና 5 ተበተነ። ለ15 ይህ ዙሪያ ጥምጥም ነው፤ ነገር ግን ቁጥሩ 600 አሐዝ ሲኖረው ዑደቱም በዚያው ልክ እጅግ ስለሚረዝም ነባሩ ኮምፒዩተር ቆጥሮ አይደርስበትም። የሾር ግኝት ሁሉንም ቀሪዎች በአንድ የኪውቢቶች ሁኔታ ውስጥ አኑሮ፣ ፈረንሳዊው ፉሪየ በ19ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ስለ ሙቀት ሲመራመሩ ባስፋፉት የሒሳብ ዘዴ አማካይነት የዑደቱን ርዝመት ብቻ ጎልቶ እንዲወጣ ማድረግ ነው። እያንዳንዱ ቀሪ ምን እንደነበረ አይታወቅም፤ አያስፈልግምም።

የሾር ስልት አብዛኛው ክፍል ከኳንተም ጋር ምንም ግንኙነት እንደሌለው ሲነገር የሚገረሙ አሉ። ትልቁን የጋራ አካፋይ መፈለጊያው ከ2,000 ዓመታት በላይ ያስቆጠረው የኤውክሊድ ዘዴ ነው። 7ን ብዙ ጊዜ በራሱ ለማባዛት የሚያገለግለው አቋራጭ ደግሞ፣ በአንድ በኩል እጥፍ እያደረጉ በሌላው በኩል እያጋመሱ መሄድ ነው፤ ይህም በሒሳብ መጻሕፍት አንዳንዴ የኢትዮጵያ ማባዣ፣ አንዳንዴ የሩሲያ ገበሬ ማባዣ ከሚባለው፣ በጥንቷ ግብፅም ይሠራበት ከነበረው ዘዴ ጋር በሐሳቡ አንድ ነው። ከሁሉ አዲስ የሆነው መኪና ከሁሉ ያረጁትን ዘዴዎች ተመርኩዞ ይቆማል። ኳንተሙ የሚገባው በመካከል ባለች አንዲት ጠባብ በር ብቻ ነው።

በ1996 ከዚያው ከቤል ላቦራቶሪ ሎቭ ግሮቨር ሌላ ስልት አወጡ። ቅደም ተከተል በሌለው አንድ ሚሊዮን መዝገብ ውስጥ አንዱን ለመፈለግ ነባሩ ኮምፒዩተር በአማካይ ግማሽ ሚሊዮን ጊዜ ያገላብጣል፤ በግሮቨር ስልት ወደ 800 የሚጠጋ እርምጃ ይበቃል። ጥቅሙ ሰፊ፣ ብልጫው ግን ልከኛ ነው። ከዚህ የተሻለ ሊገኝ እንደማይችልም በሒሳብ ተረጋግጧል፤ ማረጋገጫው የተሠራው ስልቱ ራሱ ከመገኘቱ በፊት መሆኑ ከታሪኩ አስቂኝ ነገሮች አንዱ ነው። ኪውቢቶች በጥቂት ንዝረትና ሙቀት ስለሚበላሹ መኪናው ከቶ አይሠራም ይሉ ለነበሩት ተጠራጣሪዎችም ሾር በ1995፣ አንድሩ ስቲን በ1996 ስሕተት የሚታረምበትን ዘዴ ጽፈው መልስ ሰጡ። በ2001 የአይ.ቢ.ኤም. ተመራማሪዎች ሰባት ኪውቢቶች ባሉት መሣሪያ የሾርን ስልት ሞክረው 15 ሦስት ጊዜ አምስት መሆኑን አረጋገጡ። ከዚያ ወዲህ ያለ አቋራጭ የተገኘው ክንውንም ከሕፃናት የማባዣ ሠንጠረዥ አልወጣም። በአንጻሩ ነባሩ ኮምፒዩተር በ2020 ባለ 250 አሐዝ ቁጥር በትኗል።

በ2009 አራም ሃሮው፣ አቪናታን ሃሲዲምና ሴት ሎይድ ብዙ መስመራዊ እኩልዮሾችን የሚመለከት የኳንተም ስልት ካወጡ በኋላ፣ ከመረጃ ክምችት ትምህርት መቅሰም በሚባለው ሥራ ላይ ብዙ ተስፋ ተጣለ። ከእነዚህ ተስፋዎች ሁሉ የጎላው በ2016 የዮርዳኒስ ኬሬኒዲስና የአኑፓም ፕራካሽ ነበር። አንድ የፊልም አከራይ ድርጅት ደንበኛው ቀደም ብሎ ከወደዳቸው ፊልሞች ተነሥቶ ሌላ የሚወደውን ለመገመት ይፈልጋል። የታወቁት ነባር ዘዴዎች ሥራ ከደንበኞቹና ከፊልሞቹ ብዛት ጋር አብሮ ያድጋል፤ አዲሱ የኳንተም ስልት ግን በዚያ ግዙፍ ሠንጠረዥ ውስጥ ጥቂት ቦታ ብቻ ነክቶ መልሱን ያወጣል። ልዩነቱ ከሾር ስልት ልዩነት ጋር የሚወዳደር መስሎ ታየ።

በቴክሳስ ዩኒቨርሲቲ የሚያስተምሩት ስኮት አሮንሰን ለአንድ ወጣት ተማሪ፣ ለኢዊን ታንግ፣ የመመረቂያ ጥናት የሚሆን ርእስ ሰጡ፤ ርእሱም ነባሩ ኮምፒዩተር ይህን ሥራ በዚያ ፍጥነት ሊሠራ እንደማይችል ማረጋገጥ ነበር። ሁሉም እንደማይችል ያምን ስለነበር የቀረው ማረጋገጫውን መጻፍ ብቻ ይመስል ነበር። ታንግ ለወራት ሞክረው ማረጋገጫው እምቢ አላቸው። እምቢ ያለበትን ምክንያት ሲመረምሩ የኳንተሙ ስልት አንድ ነገር አስቀድሞ እንደተሰጠው ይቆጥራል፤ ይኸውም መረጃው በልዩ መልክ ተደራጅቶ መቀመጡ ነው። ያው አደረጃጀት ለነባሩ ኮምፒዩተር ቢሰጠውስ? በ1998 አለን ፍሪዝ፣ ራቪ ካናንና ሳንቶሽ ቬምፓላ ከትልቅ ሠንጠረዥ ውስጥ ጥቂት ረድፎችን በዕጣ እየመረጡ የመላውን መልክ ስለመገመት የጻፉት ዘዴ ነበር። ታንግ ይህን ዘዴ ከአዲሱ አደረጃጀት ጋር አጋብተው፣ ነባሩ ኮምፒዩተርም ያንኑ ሥራ በተቀራራቢ ሥርዓት ሊሠራው እንደሚችል አሳዩ። በጁን 2018 በበርክሌይ የኳንተሙ ስልት ባለቤቶች ኬሬኒዲስና ፕራካሽ ራሳቸው በተገኙበት የባለሙያዎች ስብሰባ ሥራው በጥያቄ ተፈተነና ጸና። ታንግ በዚያን ጊዜ 18 ዓመታቸው ነበር።

የዚህን ድርጊት ዋጋ ማጋነንም ማሳነስም ተገቢ አይሆንም። የታንግ ስልት በወረቀት ላይ ከኳንተሙ ጋር የነበረውን ገደል ቢሞላም፣ በተግባር ሲሠራበት ገና ከባድ ነው። የሾርንም ስልት አይነካውም፤ የዑደት ፍለጋው ጥንካሬ የመጣው ከመረጃ አደረጃጀት ስላልሆነ። ይሁንና ከዚያ በኋላ በተከታታይ የወጡ ጽሑፎች በኳንተም ትምህርት ቀሰማ ስም የቀረቡ አያሌ ተስፋዎችን በዚሁ መንገድ ወደ ነባሩ ኮምፒዩተር መለሷቸው። ኳንተም የሚለው ሐሳብ ባይነሣ ኖሮ እነዚህን ነባር ስልቶች የሚፈልጋቸው አልነበረም። መንገዱን ያሳየው ተቀናቃኙ ነው።

በመኪናዎቹም ዘንድ ተመሳሳይ ክርክር ተነሣ። በኦክቶበር 2019 የጉግል ተመራማሪዎች ሲካሞር የተባለው ባለ 53 ኪውቢት መሣሪያቸው፣ በዘመኑ ታላቅ የነበረው ሰሚት የተባለ ኮምፒዩተር 10,000 ዓመታት ይፈጅበታል ያሉትን ስሌት በ200 ሴኮንድ እንደጨረሰ አስታወቁ። ስሌቱ ለዚሁ ውድድር ሲባል የተፈጠረ፣ ሌላ ፋይዳ የሌለው ነበር። የጉግል ጽሑፍ ታትሞ ሳይወጣ የአይ.ቢ.ኤም. ሰዎች የዲስክ ማከማቻ ቢታከልበት ሰሚት ሥራውን በሁለት ቀን ተኩል ይጨርሰዋል ሲሉ ተከራከሩ። ቆየት ብሎም ቻይናውያን ተመራማሪዎች ስሌቱን በ512 የግራፊክስ ማስሊያዎች በ15 ሰዓት ገደማ ሠርተው አሳዩ። በጁን 2023 አይ.ቢ.ኤም. ራሱ ባለ 127 ኪውቢት መሣሪያው ለነባር ዘዴዎች አስቸጋሪ የሆነ የፊዚክስ ስሌት እንደሠራ ሲያስታውቅ፣ ተራው የእርሱ ሆነና ሁለት ሳምንት ያህል እንዳለፈ ሌሎች ያንኑ በላፕቶፕ ሠርተው አሳዩ። 10,000 ዓመታት የሚለው ግምት ከ40 ሺህ ትሪሊዮን ዓመታቱ ግምት ጋር የአንድ ቤተሰብ ልጅ ነው፤ ሁለቱም የለኩት በጊዜው የታወቀውን ዘዴ ነበር።

ከዚህ ሁሉ ለተራው ዜጋ የሚተርፈው ጉዳይ ግን የምሥጢሩ ነው። የባንክ ሒሳብ፣ የሐኪም ቤት መዝገብ፣ የመንግሥታት መልእክት፣ በስልክ የሚተላለፈው ሁሉ የተቆለፈው በአብዛኛው በአር.ኤስ.ኤ. ወይም በኤሊፕቲክ ኩርባዎች ላይ በተመሠረተው ዘዴ ነበር፤ ሾር ሁለቱንም በወረቀት ላይ ከፍተዋቸዋል። መኪናው ገና ስላልተሠራ የሚያሰጋ ነገር የለም ማለት አይቻልም። ዛሬ የተጠለፈ መልእክት ተቀምጦ ይቆያል፤ መኪናው በተሠራ ቀን ይነበባል። ምሥጢሩ ለሠላሳ ዓመታት መጠበቅ ያለበት ሰው ቁልፉን የሚቀይርበት ጊዜ መኪናው ከመሠራቱ ከሠላሳ ዓመታት በፊት ነው።

ስለዚህ የአሜሪካ ብሔራዊ የደረጃዎችና የቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት በ2016 ለዓለም ጥሪ አቀረበ፤ የኳንተም ኮምፒዩተር የማይሰብራቸው፣ ነገር ግን በነባሩ ኮምፒዩተር የሚሠሩ የምሥጢር መጻፊያዎች እንዲቀርቡለት። መመዘኛውን ያሟሉ 69 ሐሳቦች ቀረቡ። ከእነዚህ መካከል ሳይክ የተባለው በተለይ የተወደደ ነበር፤ ቁልፎቹ አጫጭር ናቸው፣ የቆመበት ሐሳብም ከ2011 ጀምሮ ለአሥራ አንድ ዓመታት ሳይደፈር ቆይቷል። በጁላይ 2022 ወደ አራተኛው ዙር አለፈ። በዚያው ወር መጨረሻ በቤልጅየም የሉቨን ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ቮውተር ካስትሪክና ቶማስ ደክሩ፣ ኤርንስት ካኒ የተባሉ የሒሳብ ሊቅ በ1997 ያረጋገጡትን፣ ከምሥጢር ጽሕፈት ጋር ግንኙነት ያልነበረውን አንድ ቀመር አነሡ። በዚያ ቀመር የሳይክን ቁልፍ በአንድ ሰዓት ገደማ አወጡት። የተጠቀሙበት በ2013 ለገበያ የዋለ የአንድ ተራ ኮምፒዩተር አንድ ማስሊያ ብቻ ነው። በዚያው ዓመት በፌብሩዋሪ ሬይንቦው የተባለው ሌላ ተወዳዳሪ በዋርድ ቡለንስ እጅ በአንድ የዕረፍት ቀናት ጊዜ በላፕቶፕ ተሰብሮ ነበር። ለወደፊቱ ጠላት የተሠራው ግንብ የተናደው በአሮጌው ጠላት ነው።

የተረፉት በአብዛኛው ላቲስ በሚባለው፣ እጅግ ብዙ አቅጣጫ ባለው የነጥቦች ሥርዓት ውስጥ ቅርቡን ነጥብ በመፈለግ ችግር ላይ የቆሙ ናቸው። በኤፕሪል 10 ቀን 2024 በቻይና የጺንግኋ ዩኒቨርሲቲ መምህር ይሌይ ቼን ይህንኑ ችግር የሚፈታ የኳንተም ስልት ያቀረቡበትን ጽሑፍ አወጡ። ለስምንት ቀናት የዓለም የምሥጢር ጽሕፈት ባለሙያዎች ሌላውን ሥራቸውን ትተው ጽሑፉን ሲያገላብጡ ሰነበቱ። በስምንተኛው ቀን ሁለት ሰዎች፣ አንዱ ከሌላው ሳይማከር፣ በዘጠነኛው እርምጃ ላይ ስሕተት አገኙ፤ ቼንም ስሕተቱን ተቀብለው በጽሑፋቸው መግቢያ ላይ በግልጽ አሰፈሩት። ከዚህ ክርክር ሁሉ እንዲህ ያለው ቅንነት ሊመሰገን ይገባዋል። በኦገስት 2024 የመጀመሪያዎቹ ሦስት ደረጃዎች ታወጁ፤ ሁለቱ በላቲስ ላይ የቆሙ ናቸው።

በዴሴምበር 2024 የጉግል ዊሎው፣ ባለ 105 ኪውቢት መሣሪያ፣ የስሕተት ማረሚያው በተስፋፋ ቁጥር ስሕተቱ በእርግጥ እንደሚቀንስ አሳየ፤ በ1995 በወረቀት የተጻፈው ተስፋ ሠላሳ ዓመት ሊሞላው ሲል ነው። ክሬግ ጊድኒና ማርቲን ኤኬሮ በ2019 ባለ 617 አሐዙን የአር.ኤስ.ኤ. ቁጥር በስምንት ሰዓት ለመበተን 20 ሚሊዮን ኪውቢቶች እንደሚያስፈልጉ አስልተው ነበር። በሜይ 2025 ጊድኒ ስሌቱን አሻሽለው ከአንድ ሚሊዮን ያነሱ ኪውቢቶች ከአንድ ሳምንት ባነሰ ጊዜ እንደሚበቁ ጻፉ። በሁለቱ ግምቶች መካከል ለመሣሪያው የተቀመጠው መመዘኛ አልተለወጠም፤ የተለወጠው ስልቱ ነው። በ1977 የተነገረውን ግምት ያፈረሰው ኃይል ይኸው ነበር።

ከዚህ ጥቂት ቀደም ብሎ፣ በማርች 2025፣ የአሜሪካው ኢንስቲትዩት ኤች.ኪው.ሲ. የተባለ አምስተኛ ዘዴ መረጠ። ይህ ዘዴ ከላቲስ ጋር ዝምድና የለውም፤ የቆመው በስልክና በሬዲዮ የሚተላለፍ መልእክት ሲበላሽ በሚታረምበት የቆየ ሒሳብ ላይ ነው። ቁልፎቹ ከላቲሱ ይከብዳሉ፣ ሥራውም ይዘገያል። የተመረጠውም ላቲሱ አንድ ቀን በአዲሱ ወይም በአሮጌው ኮምፒዩተር የተሰበረ እንደሆነ በተጠባባቂነት እንዲያገለግል ነው።